ከተከፋፈለ ሜዳ የተነሡት ኳስ ተጫዋች

ስለ አንድ ኳስ ተጫዋች ወሬ ሲነሣ፣ በመኝታ ክፍልም ይሁን በመመገቢያ አዳራሽ ሰልፍ ላይ፣ አስቀድሞ የሚጠየቀው «ስንት ግብ አገባ?» የሚለው ነው። ጥያቄው ክፉ አይደለም። ግብ ይቆጠራል፤ ተቆጥሮም ይመዘገባል። ዛሬ ልናስተዋውቃችሁ ያሰብናቸው ሰውም ግብ በማግባት የታወቁ ናቸው። ነገር ግን ካገቧቸው ግቦች ሁሉ በላይ ስማቸውን ያቆየው፣ ዕድሜያቸውን ሙሉ የተሟገቱለት አንድ አጭር ደንብ ነው። ደንቡም «ሜዳ ውስጥ የገባ ሁሉ እኩል ነው» የሚል ነው። ሰውየው አቶ ይድነቃቸው ተሰማ ይባላሉ።

እኛ ሠልጣኞች እኚህን ሰው የመረጥነው ያለ ምክንያት አይደለም። ከዚህ ተመርቀን ወደ ወገራ፣ ወደ ዳባት፣ ወደ ደባርቅ፣ ወደ ጃን አሞራ ስንበተን አብዛኞቻችን ሒሳብና አማርኛ ብቻ ሳይሆን የሰውነት ማጎልመሻም እናስተምራለን። ብዙ ጊዜ ይኼ ክፍለ ጊዜ እንደ ዕረፍት ይታያል፤ ኳስ ተወርውሮ ልጆቹ «ሂዱ ተጫወቱ» ይባላሉ። ታዲያ በዚያች ሰዓት ማን ይጫወታል? ማንስ ዳር ቆሞ ይመለከታል? ይህን ጥያቄ አቶ ይድነቃቸው በአህጉርና በዓለም ደረጃ ጠይቀውታል። መልሱንም ለማግኘት አርባ ዓመት ያህል ደክመዋል።

ከመግባታችን በፊት አንድ ማሳሰቢያ፤ በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመቶች በኢትዮጵያ አቆጣጠር ናቸው። የዓለም ዋንጫዎቹን ግን ሁሉም በለመደው በአውሮፓውያን አቆጣጠር እንጠራቸዋለን።

ትውልድና የኳስ ጅምር

አቶ ይድነቃቸው መስከረም 1 ቀን 1914 ዓ.ም. በጅማ ተወለዱ። አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በግጥምና በዜማ የታወቁ ሰው ነበሩ፤ በርሊን ከተማ ላይ ድምፃቸውን በሸክላ ካስቀረጹት የመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን አንዱ ናቸው። ልጅየው ግን ልቡን የሰጠው ለኳስ ነው።

በ1928 ዓ.ም. በአዲስ አበባ አራዳ ሠፈር አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ የተባሉ ወጣቶች ጓደኞቻቸውን አሰባስበው አንድ የኳስ ቡድን አቋቋሙ። ስሙንም ከአራዳ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ወስደው ቅዱስ ጊዮርጊስ አሉት። ይድነቃቸው ያን ጊዜ ገና የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ነበሩ። ከዚያ ዘመን ጀምረው እስከ 1950 ዓ.ም. ድረስ ለሃያ ሦስት ዓመት ያህል ለዚሁ ለአንድ ክለብ ተጫወቱ። ስማቸው በሚነሣበት ሁሉ አብሮ የሚጠቀሰው መዝገብ 365 ጨዋታ፣ 318 ግብ ይላል። የሒሳብ ሠልጣኞች አካፍላችሁ እዩት፤ በየስምንቱ ጨዋታ ሰባት ግብ ገደማ ማለት ነው! የብሔራዊ ቡድኑንም ማሊያ ለብሰዋል።

ቡድኑ የተቋቋመበትን ዓመት ግን ልብ በሉ። 1928 ዓ.ም. ማለት ሠራዊታችን በሰሜን ግንባር ከፋሽስት ጣሊያን ጋር ይዋጋ የነበረበት ዓመት ነው። በዚያው ዓመት በመጋቢት ወር ጎንደር፣ ሚያዝያ 27 ቀን ደግሞ አዲስ አበባ በጠላት እጅ ገቡ። እንግዲህ አቶ ይድነቃቸው ኳስን እንደ ጨዋታ ጀምረው ሳይጠግቡት ጦርነት ላያቸው ላይ መጣ ማለት ነው። ከአሥራ አራት እስከ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ያለው የወጣትነት ዕድሜ በወረራ ሥር አለፈ።

ሜዳው ሲከፈል

የፋሽስት አገዛዝ የገዛው በመትረየስና በመርዝ ጋዝ ብቻ አልነበረም፤ በመለያየትም ነበር። በ1929 ዓ.ም. የዘር ሕግ ማውጣት ጀመረ። ከዚያም በየከተማው የነጭ ሠፈርና የአገሬው ሰው ሠፈር ተለየ። አዲስ አበባ ላይ የአገሬው ገበያ ከአራዳ ተነሥቶ ዛሬ መርካቶ ወደምንለው ቦታ እንዲሄድ ተደረገ። በኛም ከተማ ቢሆን ፒያሳን አቋርጠን ፖስታ ቤቱንና ሲኒማ ቤቱን ስናይ የምናስበው የሕንጻውን ጥንካሬ ነው፤ ግን የዚያ ዘመን የከተማ ፕላን ጣሊያኑን ለብቻው፣ ጎንደሬውን ለብቻው አድርጎ የተነደፈ እንደነበረ መርሳት የለብንም።

ኳስም ከዚህ አላመለጠችም። ኢትዮጵያውያን ከነጮች ጋር እንዳይጫወቱ ተከለከለ። «ለአገሬው ሰው» የሚባል ልዩ የስፖርት ቢሮ ተቋቁሞ የእኛ ቡድኖች እርስ በርሳቸው ብቻ እንዲጋጠሙ ተወሰነ። ቅዱስ ጊዮርጊስ የሚለው ስምም ተነጥቆ «ሊቶሪዮ ውቤ ሠፈር» ተባለ። ሊቶሪዮ ማለት እኮ የፋሽስቶች ምልክት የነበረው፣ ከመጥረቢያ ጋር የታሰረው የዘንግ ጥቅል ነው። የልጆቹ ቡድን በገራፊው ጅራፍ ስም ተጠራ ብንል ማጋነን አይሆንም።

እዚህ ላይ ቆም ብሎ ማሰብ ያስፈልጋል። ፋሽስቶቹ አንድ ላይ መጫወትን ለምን ፈሩ? መልሱ ከኳስ ሕግ ውስጥ ይገኛል። ሜዳ ላይ አሥራ አንድ ሰው ከአሥራ አንድ ሰው ጋር ይቆማል። ኳሷ አንድ ናት፤ የግቡ ስፋት በሁለቱም በኩል እኩል ነው፤ ሰዓቱ ለሁለቱም አንድ ነው፤ ዳኛው የሚነፋው ፊሽካ ነጭና ጥቁር አይለይም። «እኔ በተፈጥሮዬ የበላይ ነኝ» የሚል ሰው እንዲህ ያለ ቦታ ላይ አንድ ቀን 2 ለ 1 ከተሸነፈ ነገሩ ሁሉ ተበላሸ። ስለዚህ ቢሸነፍ ከሚያፍር ሜዳውን መከፋፈል ቀለለው።

ይህ ነገር ለአገራችን ሰው እንግዳ አይደለም። የድሮ አባቶቻችን በገና ጨዋታ ሰሞን ሎሌ ጌታውን ቢያላግጥበት፣ በእሩሩም ቢመታው ጌታ አይቆጣም የሚል የቆየ ደንብ ነበራቸው። ለአንዲት ቀንም ቢሆን ጨዋታ ሰውን ያስተካክላል ማለት ነው። ፋሽስት የነጠቀው ይህንን ነው።

ከነጻነት በኋላ

ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. አዲስ አበባ ነጻ ወጣች። በኛ በኩል ግን ጦርነቱ ገና ነበር። ከደባርቅ አጠገብ ያለው የወልቀፊት ምሽግ እጁን የሰጠው በመስከረም 1934 ነው። ቁልቋል በር በኅዳር ወር ተሰበረ፤ ጎንደርም ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. በጄኔራል ናሲ እጅ መስጠት ነጻ ወጣች። የጣሊያን የምሥራቅ አፍሪካ ጦር የመጨረሻው ዋና ምሽግ የኛው ከተማ ነበረች። አዲስ አበባ ላይ ወጣቶች የጊዮርጊስን ስም መልሰው ኳስ ማንከባለል ሲጀምሩ የጎንደር አርበኛ ገና ከስድስት ወር በላይ ተዋግቷል።

ከነጻነት በኋላ በአዲስ አበባ የቀሩ ብዙ የውጭ አገር ሰዎች ነበሩ። ጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ፣ አርመኖቹ አራራት፣ ግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ የሚባል ቡድን ነበራቸው። የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮንም የራሱ ቡድን ነበረው። ትናንት ከነጭ ጋር ሜዳ እንዳይረግጥ የተከለከለው ቅዱስ ጊዮርጊስ አሁን ከነዚህ ሁሉ ጋር ተጋጠመ። ፎርቲቱዶንም አሸነፈ። ያን ጊዜ የነበረው ተመልካች ምን ያህል እንደተደሰተ ለመገመት አይከብድም።

በ1936 ዓ.ም. አምስቱ ቡድኖች የተወዳደሩበት የመጀመሪያው ሻምፒዮና ተካሄደ። ዋንጫውን የወሰደው የእንግሊዞቹ ቡድን ነው። ቅዱስ ጊዮርጊስ የመጀመሪያ ሻምፒዮናነቱን ያገኘው ቆይቶ በ1942 ዓ.ም. ነበር። ለኛ ግን ዋናው ቁም ነገር ማን ወሰደ የሚለው አይደለም። በአምስት ዓመት ወረራ ተከፋፍሎ የነበረው ሜዳ በአንድ ደንብ ሥር ተመልሶ አንድ መሆኑ ነው።

አቶ ይድነቃቸው ከሌላው ተጫዋች የተለዩት እዚህ ላይ ነው። ታኬታቸውን ሳይሰቅሉ፣ ገና የሃያ ጥቂት ዓመት ወጣት ሳሉ፣ የድርጅቱን ሥራ ያዙ። የኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን ሲመሠረት ከግንባር ቀደሞቹ አንዱ ሆኑ። ልዩ ልዩ የውጭ አገር ማኅበረሰቦችን ከአገሬው ቡድኖች ጋር በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ አስቀመጡ። የጨዋታ ደንቦችን ወደ አማርኛ በመመለሱም ሥራ ደክመዋል። ይኼ የመጨረሻው ለኛ ለመምህራን ትልቅ ነገር ነው። ሰው በማያውቀው ቋንቋ የተጻፈ ደንብ የሚያውቀው ሰው ብቻ ንብረት ነው፤ የማያውቀው ሁልጊዜ «ጥፋት ነው» ሲባል ይስማማል እንጂ አይከራከርም። ደንቡ በራሱ ቋንቋ ሲነገረው ግን ልጅም ቢሆን «አይደለም፣ እንዲህ ይላል» ማለት ይችላል። ተጫዋች ግብ ያገባል፤ ደንብን ለሰው የሚያደርስ ግን ሌላው ሁሉ ግብ እንዲያገባ መንገድ ይከፍታል።

ካርቱም፣ የካቲት 1949

አሁን ከአገራችን ወጣ እንበል። የካቲት 1 ቀን 1949 ዓ.ም. በካርቱም ከተማ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ተመሠረተ። መሥራቾቹ አራት አገሮች ነበሩ፤ ግብጽ፣ ሱዳን፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ። ያን ጊዜ ነጻ የወጡት የአፍሪካ አገሮች በጣት የሚቆጠሩ መሆናቸውን አትርሱ። ከኢትዮጵያ በኩል ከተገኙት አንዱ አቶ ይድነቃቸው ናቸው።

በዚያው ሰሞን የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ ሊደረግ ታቀደ። አራት አገር ስለሆነ ሁለት ጨዋታና አንድ ፍጻሜ ነው፤ ኢትዮጵያ የደረሳት ደቡብ አፍሪካ ነበረች። ችግሩ የመጣው እዚህ ላይ ነው። ደቡብ አፍሪካ በአፓርታይድ ሕግ ትተዳደር ስለነበር ነጭና ጥቁር በአንድ ቡድን አታሰልፍም። «ወይ ነጭ ብቻ፣ ወይ ጥቁር ብቻ እልካለሁ» አለች። የቀሩት አገሮች ይህን አልተቀበሉም፤ ቅልቅል ቡድን ካልሆነ አይሆንም አሉ። ደቡብ አፍሪካ ቀረች። ኢትዮጵያም ሳትጫወት ለፍጻሜ አለፈች፤ በፍጻሜውም በግብጽ 4 ለ 0 ተሸነፈች። አራቱንም ያገባው አድ ዲባ የተባለው ግብጻዊ ነበር።

አንዳንድ ሰው «አራት ለባዶ መሸነፍ ምኑ ይወራል?» ይል ይሆናል። እኛ ግን እንዲህ እናያለን፤ ገና አንድ ሳምንት ያልሞላው፣ አራት አባል ብቻ የነበረው ድርጅት፣ አንዱን አባሉን አጥቶ ውድድሩ በሦስት ቡድን እንዲቀር መረጠ፤ ደንቡ ግን አልተጣሰም። በልጅነታቸው የተከፈለ ሜዳ ላይ ለተጫወተ ሰው ይህ አቋም ከመጽሐፍ የተገኘ አልነበረም።

ነገሩ በዚያ አላበቃም። የዓለም እግር ኳስ ማኅበር ፊፋ ደቡብ አፍሪካን በ1954 ዓ.ም. አገደ፤ በ1955 ግን ፕሬዚዳንቱ ሰር ስታንሊ ሩስ አገሩን ጎብኝተው ከተመለሱ በኋላ እገዳው ተነሣ። አፍሪካውያኑ እንደገና ተሟገቱ፤ በ1957 ዓ.ም. መጀመሪያ በቶኪዮ ጉባኤ እገዳው ተመለሰ። በ1968 ዓ.ም. በሞንትሪያል ጉባኤ ደቡብ አፍሪካ ጭራሹን ከፊፋ ተባረረች። ከካርቱም እስከ ሞንትሪያል ቁጠሩት፤ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ነው። አንድን ነገር ለአሥራ ዘጠኝ ዓመት ሳይሰለቹ መድገም ማለት ምን ማለት እንደሆነ ክፍል ገብቶ ያስተማረ ያውቀዋል።

ጥር 13 ቀን 1954

ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በ1954 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ተደረገ። ቡድናችንን በአሰልጣኝነት የመሩት አቶ ይድነቃቸው ነበሩ። በመጀመሪያ ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸነፍን። ለፍጻሜ ጥር 13 ቀን የገጠምነው ያን ጊዜ የተባበረችው ዐረብ ሪፐብሊክ ትባል የነበረችውን ግብጽን ነው፤ ያለፉትን ሁለት ዋንጫዎች ሁለቱንም የወሰደች ናት።

ግብጾቹ ሁለት ጊዜ መሩ፤ ባዳዊ የተባለው አጥቂያቸው በ35ኛውና በ75ኛው ደቂቃ አገባብን። የእኛ ልጆች ሁለቱንም ጊዜ አቻ አደረጉ፤ ሁለተኛውን ያስገባው አምበሉ ሉቻኖ ቫሳሎ በ84ኛው ደቂቃ ነበር። መደበኛው ሰዓት 2 ለ 2 አለቀ። በተጨማሪው ሰዓት ታናሽ ወንድሙ ኢታሎ ቫሳሎ በ101ኛው፣ መንግሥቱ ወርቁ በ117ኛው ደቂቃ አገቡና 4 ለ 2 ሆነ። ዋንጫውን ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ለአምበሉ ለሉቻኖ አስረከቡት። ኢትዮጵያ እስከ ዛሬ የወሰደችው የአፍሪካ ዋንጫ ይኼው አንዱ ነው።

ስለ ቫሳሎ ወንድማማቾች አንድ ነገር እንጨምር። ሁለቱም የአሥመራ ልጆች ናቸው፤ አባታቸው ጣሊያናዊ፣ እናታቸው ኤርትራዊት። የፋሽስት ሕግ በመጨረሻ ከጣሊያን አባትና ከአገሬው እናት የተወለደን ልጅ አባቱ ልጄ ነው ብሎ እንዳይቀበለው ከልክሎ ነበር። እንግዲህ በወረራው ዘመን ሜዳው የተከፈለበት ልጅ አድጎ አሰልጣኝ ሆነ፤ ያው ሕግ ከቤት ውጭ ያቆመው ልጅ አድጎ አምበል ሆነ፤ ሁለቱ ተገናኝተው ዋንጫ አነሡ። ይህን ከመሰለ መልስ የበለጠ ለዚያ ሕግ የሚሰጥ መልስ የለም።

«አንመጣም!»

ለ1966ቱ የእንግሊዝ የዓለም ዋንጫ አሥራ ስድስት ቦታ ነበር። አከፋፈሉ እንዲህ ነው፤ አስተናጋጇን ጨምሮ ለአውሮፓ 10፣ ሻምፒዮኗን ብራዚልን ጨምሮ ለደቡብ አሜሪካ 4፣ ለሰሜንና ለመካከለኛው አሜሪካ 1፤ ለአፍሪካ፣ ለእስያና ለአውስትራሊያ በኩል ላሉት ሁሉ ደግሞ በአንድ ላይ 1። አፍሪካን ያሸነፈ አገር እንደገና ከእስያ አሸናፊ ጋር ተጋጥሞ ነበር የሚያልፈው። ያን ጊዜ አፍሪካ ውስጥ በየዓመቱ አዳዲስ ነጻ አገሮች ይወጡ ነበር፤ ድርሻችን ግን የአንድ ቦታ ቁራሽ ሆነ።

አቶ ይድነቃቸውና የጋናው ኦሄኔ ጃን ይህ ፍትሕ አይደለም ብለው ተነሡ። ፊፋ ስላልሰማ ለማጣሪያው ተመዝግበው የነበሩት የአፍሪካ አገሮች በሙሉ ወጡ። ሌሎችም ሲቀሩ በዚያ በኩል የተረፉት ሰሜን ኮሪያና አውስትራሊያ ብቻ ነበሩ፤ ሰሜን ኮሪያ አሸንፋ ሄደችና እንግሊዝ ላይ ጣሊያንን 1 ለ 0 ጉድ አደረገቻት። «ደካሞች ስለሆኑ ቦታ አይገባቸውም» ለሚሉ ሰዎች ይኼ በቂ ማስረጃ ነበር።

ውጤቱ አልዘገየም። ለ1970ው የሜክሲኮ ዋንጫ አፍሪካ የራሷን አንድ ቦታ አገኘች፤ ሞሮኮ ሄደች። ለ1982ቱ ሁለት ሆነ፤ አልጄሪያ ምዕራብ ጀርመንን 2 ለ 1 ስትረታ ካሜሩን ሳትሸነፍ ተመለሰች። በ1998 አምስት ደረሰ። በ2022 ሞሮኮ ግማሽ ፍጻሜ ገባች፤ ለ2026ቱ ደግሞ ዘጠኝ ቀጥተኛ ቦታ ለአፍሪካ ተመደበ። ዛሬ በቴሌቪዥን የአፍሪካ ቡድኖችን አይተን ስንጨፍር ያ ቦታ በልመና እንዳልተገኘ እንወቅ። አንድ ጊዜ «አንመጣም» ባይባል ኖሮ «ኑ» የሚል አይገኝም ነበር።

በኃላፊነት ላይ

አቶ ይድነቃቸው በ1964 ዓ.ም. የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ተመረጡ። ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም. እስካረፉ ድረስ አሥራ አምስት ዓመት በዚያው ኃላፊነት ቆዩ። የዓለም አቀፉ ኦሎምፒክ ኮሚቴም አባል ነበሩ። በ1966 ዓ.ም. በፍራንክፈርት ጉባኤ ስታንሊ ሩስ በብራዚሉ ጆዋ አቬላንጅ ሲተኩ የአፍሪካ ድምፅ ወሳኝ ነበር። የአንድ አገር ድምፅ ምን ያደርጋል የሚባል ቢሆንም፣ ብዙዎቹ በአንድ ላይ ሲቆሙ የዓለምን ማኅበር ፕሬዚዳንት እስከ መለወጥ ደረሱ።

ሰውየው በሁሉም ነገር ዘመኑ ተከትሏቸዋል ማለት ግን አይደለም። የአፍሪካ ተጫዋቾች በገንዘብ ተስበው ወደ አውሮፓ መጉረፋቸውን አጥብቀው ይቃወሙ ነበር፤ ኳስ በአገር ውስጥ እንዲያድግ ይፈልጉ ነበር። ዛሬ የአፍሪካ ታላላቅ ቡድኖች በአውሮፓ በሚጫወቱ ልጆች የተሞሉ ናቸው። «ተሳስተዋል» የሚል አለ፤ «የአገር ውስጡን ውድድር ባዶነት አስቀድመው አይተውታል» የሚልም አለ። ይህን ለክርክር ክበባችን እንተወዋለን።

ያላዩትን ውጤት ግን እኛ አይተናል። አፓርታይድ ሲፈርስ ደቡብ አፍሪካ በ1984 ዓ.ም. ወደ አፍሪካ ኮንፌዴሬሽን ተመለሰች። በ1988 ዓ.ም. የአፍሪካን ዋንጫ አስተናግዳ፣ ነጭም ጥቁርም ያለበት ቡድን አሰልፋ፣ ቱኒዚያን 2 ለ 0 አሸንፋ ወሰደች። አምበሉ ኒል ቶቪ ነጭ ነበር፤ ሁለቱንም ግብ ያገባው ማርክ ዊልያምስ ደግሞ በአፓርታይድ ሕግ ከነጭ ተለይቶ ይኖር ከነበረው ወገን ነው። በ1949 ዓ.ም. ካርቱም ላይ «ቅልቅል ካልሆነ አይሆንም» የተባለው ቡድን ከሠላሳ ዘጠኝ ዓመት በኋላ መጣ ማለት ነው።

እኛስ?

እንግዲህ ወደ ራሳችን እንመለስ። የብሔራዊ ቡድናችን መጠሪያ ዋልያ ነው፤ ዋልያ ደግሞ በዓለም ላይ በኛው በሰሜን ተራሮች ብቻ የሚገኝ እንስሳ ነው። ፋሲል ከነማም በ2013 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ ሻምፒዮን ሆኖ ጎንደርን አስጨፍሯል። ስለዚህ አገሩ ኳስ አይወድም የሚል የለም። ጥያቄው በየትምህርት ቤቱ ያለው ሜዳ የማን ነው የሚለው ነው።

ለማስተማር ልምምድ ወደ ገጠር ስንወጣ የምናየው ይታወቃል። አንድ ኳስ፣ ስድሳ ልጅ። ጉልበት ያለው አሥር ልጅ ኳሷን ይዞ ይሮጣል። ሴቶቹ ከግንብ ሥር ተሰብስበው ይቆማሉ። ጫማ የሌለው የእረኛ ልጅ እግሩ እንዳይረገጥ ይሸሻል። እግሩ የሚያነክሰው ልጅ የጓደኞቹን ደብተር ይጠብቃል። ማንም ሕግ አላወጣም፤ ሜዳው ግን ተከፍሏል። ፋሽስት በአዋጅ ያደረገውን እኛ በዝምታ እንዳናደርገው መጠንቀቅ አለብን።

ምን እናድርግ? ትልቅ ገንዘብ የሚጠይቅ ነገር አናቀርብም።

አንደኛ፤ ወደ ሜዳ ከመውጣታችን በፊት ደንቡን በጥቁር ሰሌዳ ላይ በአምስት ቀላል ዐረፍተ ነገር እንጻፍ፤ ልጆቹም ይቅዱት። ደንቡን የሚያውቅ ልጅ ጉልበተኛን አይፈራም።

ሁለተኛ፤ ኳስ አንድ ብቻ ከሆነ ክፍሉን ሰባት ሰባት አድርገን እንከፋፍልና በየአሥር ደቂቃው እናፈራርቅ። ከጨርቅና ከገመድ የተሠራ ኳስ ቢጨመር ሁለት ሜዳ ይሆናል። ተራ የሚጠብቁት ዳር ተመልካች አይሁኑ፤ አንዱ ዳኛ፣ አንዱ መስመር ጠባቂ፣ አንዱ ግብ መዝጋቢ ይሁን። ዳኝነቱ በየሳምንቱ ይዙር፤ ጸጥተኛዋ ልጅ ፊሽካውን ስትይዝ ክፍሉ ሁሉ ይሰማታል።

ሦስተኛ፤ ጫማ ያለውና የሌለው ሲቀላቀል ጫማ ያለው ያውልቅ። ግቡ ለሁለቱም እኩል እንደሆነ ሁሉ እግሩም እኩል ይሁን።

አራተኛ፤ ሮጦ መጫወት የማይችል ልጅ ኳስ በመወርወር፣ በረኛ በመሆን ወይም ሰዓት በመያዝ የሚገባበትን ቦታ መምህሩ አስቀድሞ ያስብ። «አንተ ቁጭ በል» ማለት ትምህርት አይደለም።

መምህሮቻችንም አንድ ነገር ቢረዱን ደስ ይለናል። በማስተማር ዘዴ ትምህርት ለሒሳብና ለሳይንስ የትምህርት ዕቅድ እንደምናወጣ ሁሉ ለሰውነት ማጎልመሻም ደቂቃ በደቂቃ የተጻፈ ዕቅድ እንድናወጣ ቢያዙን፣ ኳስ ወርውሮ ጥላ ሥር መቀመጥ የሚለው ልማድ ከኛ ጋር ወደ ገጠር አይሄድም። ሐሳብ ያላችሁ ሠልጣኞች ጽፋችሁ ከጋዜጣው ሰሌዳ ሥር ባለው ሣጥን ውስጥ ክተቱ፤ በተለይ በተወለዳችሁበት ወረዳ ልጆች የሚጫወቷቸውን፣ ኳስ የማይጠይቁ ጨዋታዎች ከነደንባቸው ብትጽፉልን በሚቀጥለው ዕትም እናወጣቸዋለን። የመጀመሪያው ሥራችን ግን ክፍል ገብተን ከመቅረታችን በፊት ነው፤ የፊታችን የልምምድ ሳምንት እያንዳንዳችን ከሜዳ ዳር የቆሙትን ልጆች እንቁጠርና ቁጥሩን ይዘን እንምጣ።